አባ ስጋትና የዳገቱ ዱላ

በትራም መሥሪያ ቤቱ ውስጥ ሰውዬውን ወላጆቹ ባወጡለት ስም የሚጠራው አልነበረም። ሁሉም «አባ ስጋት» ነበር የሚለው። ስሙን ያወጣለት ማን እንደሆነ አይታወቅም፤ ማንም ያውጣው ማን፣ በልኩ እንደተሰፋ ኮት ገጠመው። ከቤት ወጥቶ መንገድ ከጀመረ በኋላ በሩን መቆለፉን ተጠራጥሮ ይመለሳል። ተመልሶ ቁልፉን ካየ በኋላ ደግሞ «ስነካካው አላልቼው ይሆን?» ብሎ እንደገና ይሰጋል። ሰማዩ ጥርት ካለ «ይሄ ነገር ደህና አይደለም» ይላል፤ ሲደምን «አላልኳችሁም?» ይላል። እንዲህ ያለ ሰው ያን ሁሉ ሕዝብ ጭኖ እንዴት ሾፌር ሆነ የሚል ካለ፣ መልሱ ቀላል ነው። ከሱ የተሻለ ጠንቃቃ ሾፌር መስመሩ ላይ አልነበረም።

ስጋቱን የወረሰው ከአባቱ ነው። አባትየው፣ ትራም ገና በፈረስ በሚጎተትበት ዘመን፣ የፈረሶቹ ተንከባካቢ ነበሩ። በሜዳው ሁለት ፈረስ ይበቃል፤ ዳገቱ ጋ ሲደረስ ግን ከፊት አንድ ሦስተኛ ፈረስ ይታከላል። እሳቸው ያንን ሦስተኛ ፈረስ እየጎተቱ ሽቅብ ይወጣሉ፣ ጫፍ ላይ ይፈቱታል፣ ብቻውን ይዘውት ይወርዳሉ፣ ደግሞ ይወጣሉ። ፈረስ እርጥብ ድንጋይ ላይ ሲያንሸራትተው አይተዋል፤ ትራሙ ወደ ኋላ ሲንሸራተትና ሰው በየመስኮቱ ሲዘል አይተዋል። ስለዚህ ተኝተው እንኳን በእንቅልፍ ልባቸው «ያዘው! ያዘው!» ይሉ ነበር። ልጃቸው በዚህ ድምፅ እየባነነ ነው ያደገው። እንግዲህ ምን ሊወጣው ኖሯል?

ቆይቶ ኤሌክትሪክ መጣ። ከላይ ሽቦ ተዘረጋ፣ ፈረሶቹ ተሸጡ፣ አባትየውም መጥረጊያ ተሰጥቷቸው ሃዲዱ ውስጥ የሚገባውን አሸዋ መጥረግ ጀመሩ። መጀመሪያ ሰሞን ሕዝቡ ሽቦው ሥር ላለማለፍ ዙሪያ ጥምጥም ይሄድ ነበር፤ ትንሽ ቆይቶ ልብሱን አስጣበት ቢሉት እንኳን የማይፈራ ሆነ። ልጅየው በሃዲድ ጠራጊነት ተቀጠረ፣ ትኬት ቆራጭ ሆነ፣ ከዚያ ሾፌር ሆነ። ሚስቱንም ያገኘው እዚያው ትራም ውስጥ ነው። በሱ ትራም ላይ ትኬት ትቆርጥ ነበር። ፍሬን ሲይዝ የማትንገዳገድ፣ ሰካራም ሲያስቸግር ክንዱን ይዛ እንደ ዕቃ የምታወርድ፣ ዓይነ ደረቅ ሴት ነበረች። ሴቶችም መንዳት ይችላሉ ሲባል ከመጀመሪያዎቹ አንዷ ሆና ገባች። እሱ ያን ሰሞን እንቅልፍ አጥቶ ከሳ፤ እሷ ደግሞ ወፈረች።

ትራሙ ዘመናዊ ቢሆንም ዳገቱ ያው ዳገት ነበር። በግራና በቀኝ ያሉት ቤቶች ተጠጋግተው ስለቆሙ መንገዱ ላይ ከአንድ ሃዲድ በላይ አይዘረጋም። ሁለተኛ ሊሠራ ነው እየተባለ ስንት ኃላፊ መጣ፣ ስንት ኃላፊ ሄደ። ከዳገቱ ሥርና ከአናቱ ላይ ብቻ ሃዲዱ ለሁለት ይከፈላል፤ መተላለፊያ ይሉታል። በመሃሉ ግን አንዱ ሲወጣ ሌላው ቢወርድ ምን እንደሚሆን ለማወቅ መማር አያስፈልግም። ስለዚህ አንዲት ዱላ ነበረች። ክንድ የማትሞላ፣ ጫፍና ጫፏ ናስ የለበሰ፣ የቆዳ ማንጠልጠያ ያላት። ዱላዋን ያልያዘ ሾፌር ዳገቱን አይገባም። የያዘው ወጥቶ ወይም ወርዶ ሲጨርስ መተላለፊያው ላይ ለሚጠብቀው በመስኮት ያቀብለዋል፤ ተቀባዩ ከፊቱ ካለው መንጠቆ ላይ ሰቅሏት ይገባል።

አንዳንዴ ታዲያ ሰው ሲበዛ ሁለት ትራም ተከታትሎ ይወርዳል። ያኔ ዱላዋን የሚይዘው የኋለኛው ነው። የፊተኛው ባዶ እጁን ይወርድና ከታች ለሚጠብቀው «ዱላው ከኋላዬ ነው» ብሎ መናገር አለበት። የሚጠብቀውም «ከኋላህ ነው» ብሎ ይደግማል። ያልተደገመ እንዳልተሰማ ይቆጠራል። ሕጉ ይኸው ነው፤ አባ ስጋትም ከማንም በላይ ያከብረው ነበር፤ አንዳንዴ ሁለት ጊዜ ካላስደገመ አይሄድም ነበር።

ባልና ሚስቱ ቀን ቀን የሚገናኙት እታች መተላለፊያው ላይ፣ በሁለት መስኮት መካከል ነበር። ዱላ ይቀባበላሉ፣ የቤት ቁልፍ ይቀባበላሉ፣ ሐሜትም ካለ ሹክ ይባባላሉ። ምሳቸውም አንድ ነበር። አማቱ አብረዋቸው ይኖሩ ስለነበር ጠዋት ጠዋት ለሁለቱም በአንድ ምሳ ዕቃ ይቋጥሩላቸዋል፤ ቀድሞ ያረፈው ድርሻውን ይበላና የቀረውን በመስኮት ያቀብላል። ጨርቅ የለበሰው ምሳ ዕቃ አንድ ቀን ከእጅ ሊያመልጥ ይችላል፣ ወድቆ ሃዲድ ላይ ያርፋል፣ ከዚያ ደግሞ... ብሎ አባ ስጋት አሰበ። አስቦም አልቀረ፤ ጡረታ የወጣች የድሮ ዱላ ማንጠልጠያ ለምኖ አመጣና ምሳ ዕቃው ላይ ሰፋው። «አሁን ከእጅሽ አይወድቅም» አላት። በሥራው በጣም ኮርቶ ነበር።

ነገሩ የተበላሸው በአውቶቡስ የተነሳ ነው። ትራም ሊቀር ነው፣ ሃዲዱ ተነቅሎ በአውቶቡስ ይተካል፣ የሚፈልግ ሾፌር ለሥልጠና ይመዝገብ ተባለ። አባ ስጋት ይህን ሲሰማ ቀልቡ ተገፈፈ። ትራም ቢያንስ የት እንደሚሄድ ያውቃል፤ ግራም ቀኝም መዞር የሚችል ነገር እንዴት ይታመናል? ጉዳዩን ለሚስቱ ሳያነሳ ዝም ብሎ በሆዱ ሲያብላላ፣ ሚስቱ ራሷን ብቻ ሳይሆን እሱንም ጨምራ አስመዝግባው ቆየች። ይህን የሰማው ደግሞ ከሷ አፍ ሳይሆን ከትራም አጣቢው ነው። ለባል ከዚህ የባሰ ምን ውርደት አለ?

አኮረፈ። ኩርፊያ ሲባል ተራ ኩርፊያ እንዳይመስላችሁ። አፉን ለጎመ። እሷም እንዲህ ከሆነ ብላ አፏን ለጎመች፤ በዚህ በኩል ከሱ አታንስም። በአንድ ጣሪያ ሥር ሆድና ጀርባ ሆኑ። ጨው ያስፈለገው በአማቱ በኩል ይጠይቃል፣ ፎጣ ያስፈለጋት በእናቷ በኩል ትጠይቃለች። በመጨረሻ አሮጊቷ መረራቸውና ማንኪያቸውን ጠረጴዛው ላይ ጥለው፣ እኔ የእናንተ ፖስታ ቤት አይደለሁም፣ ከፈለጋችሁ ተነጋገሩ፣ ካልፈለጋችሁ ያለ ጨው ብሉ ብለው ተነሱ። ያለ ጨው በሉ።

በማግስቱ ከዳገቱ አናት ላይ ባለው የኳስ ሜዳ ውድድር ነበር። ቀትር ላይ ሲያበቃ ሕዝቡ እንደ ጎርፍ ወረደ። አባ ስጋት ድርሻውን በልቶ፣ ምሳ ዕቃውን ቋጥሮ፣ ለመውረድ ሲዘጋጅ ተቆጣጣሪው መጥቶ፣ ተደራቢ ትራም ከኋላው እንደሚከተል፣ ዱላዋም ከኋለኛው ጋር እንደምትሆን ነገረው። ኋለኛውን የሚነዳው «ድቡልቡል» የሚሉት ወፍራሙ ሾፌር ነበር። አባ ስጋት መስማቱን በአንገቱ ገለጸና ጢም ብሎ የሞላውን ትራም ይዞ ቁልቁል ጀመረ።

ሲወርድ የሚያስበው ፍሬኑን አልነበረም። እታች ሲደርስ ሚስቱ ትጠብቀዋለች፤ ሊናገራት ግድ ነው። ሦስት ቃል ናት፣ ምንም አትከብድም። ግን ከዚያ ሁሉ ዝምታ በኋላ መጀመሪያ አፉን የሚከፍተው እሱ ሊሆን ነው? እሷ እኮ ናት ያጠፋችው። ማታ ለእናቷ «አላስቻለውም፣ ተናገረኝ» ብላ ስትስቅ ታየው። እንዲህ እያለ ሲብሰለሰል አንዲት ክፉ ሐሳብ መጣችለት። ዱላ የለኝም፤ ምሳ ዕቃ ነው የምሰጣት። ዓይን አላት አይደል? ዱላ እንዳልሆነ ታያለች፤ ዱላ ከሌለ ደግሞ ቆማ ትጠብቃለች። ምን መናገር ያስፈልጋል? ይህን ያሰበው በሩን ቆልፎ ሁለት ጊዜ የሚመለሰው ያ ሰው ነው። ሰው ሲያኮርፍ ከራሱ ጋርም ይኮራረፋል መሰለኝ።

መተላለፊያው ላይ ሁለቱ ትራሞች ጎን ለጎን ሆኑ። እሷ ፊቷን ወደ ወዲያኛው መስኮት አዙራ ቁጭ ብላለች። ወደሱ ሳትዞር እጇን ብቻ በመስኮት ዘረጋች። እሱም ፊቱን ወደ ፊት እንዳደረገ የምሳ ዕቃውን ማንጠልጠያ መዳፏ ላይ አኖረና ቀስ ብሎ መንዳት ጀመረ። ምንም አልተባባሉም። ሆዱ ውስጥ ትንሽ የማሸነፍ ነገርም ተሰምቶት ነበር፤ ይህን በኋላ ራሱ ነው የተናገረው።

ከመተላለፊያው ወጥቶ ወደ ቀጣዩ ፌርማታ ሲቃረብ እንደ ልማዱ የጎን መስታወቱን አየ። የሚስቱ ትራም ጭራ ከመተላለፊያው ወጥቷል። መጀመሪያ ትንሽ ጠጋ ብላ ልትቆም ነው አለ። ትራሙ አልቆመም። የመጨረሻው መስኮት ከማዕዘኑ ቤት ጀርባ ሲሰወር አየው፤ ያኔ ነገሩ ገባው። እጇ ማንጠልጠያውን አውቆታል። ያንኑ ቆዳ፣ ያንኑ ውፍረት፣ በየቀኑ የምትቀበለውን። ሳታየው መንጠቆው ላይ ሰቅላ ገብታለች።

ትራሙን ባለበት ቀጥ ሲያደርገው የቆመው ሕዝብ ሁሉ አንዱ በአንዱ ላይ ተደራረበ። አባ ስጋት የመንጃ እጀታውን ነቅሎ ዘለለ። ትኬት ቆራጩ ምን ሆነሃል እያለ ከኋላ ሲጮህበት አልሰማውም። መተላለፊያው ጋ ካለው ምሰሶ ላይ የዳገቱን ኤሌክትሪክ የሚያቋርጥ ሳጥን አለ። ሳጥኑ ይቆለፋል፤ ቁልፉ ዘበኛው ጋ ነው፤ ዘበኛው ጎጆው ውስጥ የለም። የት ሄደ? ማን ያውቃል የት እንደሄደ! በእጀታው ሳጥኑን ቀጠቀጠው። አንዴ፣ ደግሞ አንዴ፣ ቆርቆሮው ተጣመመ፣ እጁ ደማ፣ መዝጊያው ተገነጠለ። ማቋረጫውን ይዞ ቁልቁል ሳበው።

ከሳበው በኋላ ነው ደግሞ ሌላው የገባው። ኤሌክትሪክ መቋረጡ የሚያቆመው እሷን ነው፤ ሽቅብ የሚወጣ ያለ ኃይል አይሄድም። ያኛው ግን ቁልቁል ነው የሚመጣው፤ የሚያመጣው የገዛ ክብደቱ ነው። ድቡልቡል ዱላዋ መንጠቆው ላይ ስላለች መንገዱ የሱ ነው ብሎ ያምናል። ለምን ፍሬን ይይዛል? እንግዲህ ሚስቱን ዳገቱ መሃል፣ ከሚመጣባት ፊት ለፊት፣ መንቀሳቀስ እንዳትችል አድርጎ አቁሟታል ማለት ነው። ራሱን በሁለት እጁ ያዘ። መልሶ ልቀጥለው? ብቀጥለውስ ወደ ኋላ መመለስ ታውቅ ይሆን፣ ወይስ የበለጠ ልትጠጋው ነው? እጁ ማቋረጫው ላይ ሆኖ አንዴ ወደ ላይ፣ አንዴ ወደ ታች ይላል፤ አልደፈረም።

ከዚያ ደወሉን ሰማ። በእግር የሚረገጠው የትራም ደወል ኤሌክትሪክ አይፈልግም። አንድ ሰው እላይ ያለ ማቋረጥ ይረግጠው ነበር። ግንግንግንግንግን። ፋታ የለውም። አባ ስጋት ዳገቱን በሩጫ ተያያዘው። ያን ዳገት ዕድሜውን ሙሉ ሲወጣ ሲወርድ በእግሩ ሮጦት አያውቅም፤ የአባቱ ፈረሶች እንኳን እንደዚያ አላለከለኩም። ሱቅ በራፍ ላይ የቆሙ ሰዎች አንገታቸውን አስግገው ወደ ላይ ያያሉ። አንዱ ጮክ ብሎ ምን ሆኖ ነው ብሎ ጠየቀው። ደወሉ እስካለ ድረስ እሷ አለች፤ ይህን ብቻ ነው የሚያስበው። ደወሉ እስካለ ድረስ አለች።

ደወሉ ቆመ።

ግድግዳ ተደግፎ ሌላውን ድምፅ ጠበቀ፤ የብረቱን፣ የመስተዋቱን። ምንም የለም። ዝምታው እንደዚያ የከፋ ነገር መሆኑን ከዚያ ቀን በፊት አያውቅም ነበር፤ እቤቱ ውስጥ በገዛ እጁ ሲያከማቸው ሰንብቶ እኮ ነው። ግድግዳውን እየዳበሰ መታጠፊያውን ዞረ።

ሁለቱ ትራሞች ፊት ለፊት ቆመዋል። በመካከላቸው የቆመ ሰው ክንዱን ቢዘረጋ ሁለቱንም መንካት ይችላል። ድቡልቡል ወርዶ ሃዲዱ ጠርዝ ላይ ተቀምጦ፣ ላቡን በቆቡ እየጠረገ ያለቅሳል። መታጠፊያውን ሳይዞር ደወሉን ሰምቶ፣ ሃዲድ ላይ ያለ ሕፃን መስሎት የእጅ ፍሬኑን ባለ በሌለ ኃይሉ ማዞሩን የተናገረው ኋላ ነው። ተሳፋሪው ከነገሩ ሁሉ የለበትም፤ መብራት ጠፋ ብሎ ያማርራል፣ አንዳንዱ ወርዶ በእግሩ መንገድ ጀምሯል።

አባ ስጋት የሚስቱን ክፍል በር ከፈተ። እንደ ተቀመጠች ናት። እግሯ አሁንም ደወሉ ላይ ነው፤ ሁለት እጇ የፍሬኑን መዘውር ጨምድዶ ይዞ አልለቅ ብሏል። ኤሌክትሪኩ ድርግም ሲል ፍሬን ይዛለች፤ ለምን ጠፋ ብላ ቀና ስትል መንጠቆው ላይ ዱላ ሳይሆን ምሳዋ ተንጠልጥሎ አየች። ከዚያ ወዲያ ደወል መርገጥ እንጂ ሌላ የምታደርገው አልነበራትም። ጣቶቿን አንድ በአንድ ከመዘውሩ ያላቀቀው እሱ ነው። እንደ ምንም ተነፈሰ።

«ዱላው... ዱላው ከኋላዬ ነበር።»

ቀና ብላ አየችው። ፊቷ አመድ መስሏል።

«አሁን ነው የምትነግረኝ?» አለችው።

ብትሰድበው ይሻለው ነበር። ከእግሯ ሥር ቁጭ ብሎ ጉልበቷን አቅፎ እንደ ልጅ አለቀሰ፤ እሷም እጇን ራሱ ላይ አደረገች፤ ለማጽናናት ይሁን ለመደገፍ ራሷም አላወቀችውም።

የመስመሩ ኃላፊ ሁለቱንም አስጠርቶ ጥፋቱ የማን እንደሆነ ጠየቀ። እሷ ሳላይ ገባሁ፣ የኔ ነው አለች። እሱ ዱላው ከኋላዬ መሆኑን እያወቅሁ ዝም አልኩ፣ የኔ ነው አለ። ኃላፊው ሁለቱም ጥፋተኛ ነኝ ብሎ የሚሟገት ባልና ሚስት ስላልገጠመው ግራ ገባው። ምን አጣልቷችሁ ነው ብሎ ቢጠይቅ ሁለቱም መሬት መሬት አዩ። በመጨረሻ ለሷ ብርቱ ማስጠንቀቂያ ሰጣት፤ እሱን ከመንዳት አውጥቶ ወደ ጋራዥ አዛወረው። አባ ስጋት ባይወስንበት ራሱ ይለምን ነበር። እጀታ ሲጨብጥ እጁ ይንቀጠቀጥ ጀምሮ ነበርና።

ሃዲዱ ተነቀለ። ሠራተኞች ድንጋዩን እየፈነቀሉ ብረቱን ሲያወጡ ሕዝቡ ቆሞ አየ፤ አንዳንዱ አዘነ፣ አንዳንዱ አቧራው በዛ ብሎ ተሳደበ። ዳገቱ አስፋልት ለበሰ። እሷ አውቶቡስ መንዳት ተማረች፤ መሪው ግራም ቀኝም የሚዞረውን ያንን የማይታመን ነገር። እሱ ጋራዥ ውስጥ ጎማ ይፈትሻል፣ ፍሬን ይፈትሻል፣ የሷን አውቶቡስ ሲሆን ሁለት ጊዜ ይፈትሻል።

እቤት ውስጥ ግን ሌላ ሰው ሆነ። ከዚያ ቀን ወዲህ አባ ስጋት አኩርፎ አያውቅም። መቆጣት ይቆጣል፤ ደግሞም ብዙ ይቆጣል። ግን ነገር በሆዱ አያሳድርም። የተሰማውን ሁሉ፣ የሰጋውን ሁሉ፣ ቅር ያለውን ሁሉ እዚያው ላዩ ላይ ይናገራል፤ ተናግሮም አይለቅም፣ «ሰማሽኝ?» ይላል፤ «ሰማሁ» ካላለች አይተኛም። አማቱ፣ ይሄ ሰውዬ ዝም ቢል ያልቅ የነበረው ጭቅጭቅ ነው እያሉ ጥጥ ጆሯቸው ውስጥ ይከታሉ።

አንድ ቀን ጠዋት አዲስ አልጋ ልብስ ሳታማክረው ገዝታ በዚያ ተጣሉ። እሷ ለሥራ ስትወጣ ተከትሏት ወጣ። ቀለሙ እንዳልተስማማው፣ ሳይጠየቅ መቅረቱ እንዳስከፋው፣ የድሮው ገና ያገለግል እንደነበር እየዘረዘረ እስከ ጋራዡ አብሯት ሄደ። ሾፌር መቀመጫዋ ላይ ወጥታ ተቀመጠች፤ እሱ በሩ ሥር ቆሞ አሁንም ይናገራል። ተሳፋሪ ባይኖርም ሌሎቹ ሾፌሮች ሰምተው ይስቃሉ። እሷም ሳቋን መቆጣጠር አቃታት።

«እባክህ ሰውዬ» አለችው፣ «እንደ ሰው ባል አንድ ቀን እንኳን አኩርፈኝ። ልረፍበት።»

ሌሎቹ በሳቅ ፈነዱ። አባ ስጋት ግን አልሳቀም። በሩን አጥብቆ ያዘ።

«አልችልም» አላት ቀስ ብሎ። «ዝም ስልሽ ደወሉ ይቆማል።»

ሳቋ ከፊቷ ላይ ጠፋ። ሞተሩን አጠፋችና ከመቀመጫዋ ወርዳ በሩ ደረጃ ላይ ቁጭ አለች።

«በል ጨርስ» አለችው፣ «ስለ አልጋ ልብሱ ምን ትል ነበር?»